ስለ ፖም አቀቃቀልና ስለ ላኪው ጤንነት፦ ከባሕር ማዶ የተላከ ደብዳቤ

አፕልሶስ ፖም ተልጦና ተከትፎ በጥቂት ውኃ ከተቀቀለ በኋላ ተደፍጥጦ የሚበላ ምግብ ነው። አሜሪካ ውስጥ ሕፃንም ሽማግሌም፣ በሽተኛም ጤነኛም ይበላዋል። «ጤነኛም» የሚለው የገባው ሆን ተብሎ ነው። የዚህ ደብዳቤ ላኪ ምን እንደበላ በስልክ ተጠይቆ «የተቀቀለ ፖም» ብሎ ከመለሰ ወዲህ፣ አዲስ አበባ ያለው ቤተሰብ ለሁለት ተከፍሏል። እናት፣ ልጃቸው ታሞ እየደበቃቸው ነው ይላሉ። ታላቅ እህት ደግሞ ሥራ ፈትቶ የሚበላው ቸግሮት ነው ባይ ናት። ስኳር እንዳልጨመረበት ሲሰማ ሁለቱም ወገን በያዘው አቋም ይበልጥ ጸና፤ እናት «ስኳርም ከለከሉት» ሲሉ፣ እህት «ስኳር መግዣም አጣ» አለች።

የእናት ጥርጣሬ ጨርሶ መሠረት የለውም አይባልም። የአሜሪካ ሐኪሞች ተቅማጥ ለያዘው ልጅ ሙዝ፣ ሩዝ፣ አፕልሶስና የተጠበሰ ዳቦ ሲያዙ ኖረዋል፤ ዛሬ ግን ልጁ ቶሎ ወደ ለመደው ምግብ ቢመለስ ይሻላል የሚለው ምክር አይሏል። ምግብ መቅመስ ለጀመረ ሕፃንም ከሚሰጡት አንዱ ይኸው ነው። ይሁንና የጠፈርተኛ ስንቅም ሆኖ ያውቃል። ጆን ግሌን እ.ኤ.አ. በየካቲት 1962 መሬትን ሲዞር፣ ጠፈር ላይ የተመገበ የመጀመሪያው አሜሪካዊ የተባለው ከአሉሚኒየም ቱቦ እየጨመቀ አፕልሶስ በመብላቱ ነው። ለዚያ መንገድ በሽተኛ ተመርጦ እንደማይላክ እናትም አይክዱም። ጀርመኖች ከድንች ቂጣ ጋር ይበሉታል፤ አይሁድም በሐኑካ በዓል በዘይት ለሚጠበሰው የድንች ቂጣቸው ማባያ ያደርጉታል። አሜሪካኖች ከአሳማ ሥጋ ጎን ያቀርቡታል፤ ይህኛው ላኪውን አይመለከትም።

ወደ ላኪው ጓዳ የገባው ፖም የመጣው ከዊንቸስተር አካባቢ ነው። ዊንቸስተር ከዋሽንግተን ዲሲ በስተምዕራብ 120 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ በሸናንዶዋ ሸለቆ የምትገኝ የቨርጂኒያ ከተማ ናት። አገሩ የፖም አገር ነው፤ የፖም አበባ በዓል እ.ኤ.አ. ከ1924 ጀምሮ ይከበርበታል። መከሩ ከነሐሴ መጨረሻ እስከ ጥቅምት ማብቂያ ይዘልቃል። በተለይ መስቀል ካለፈ በኋላ ባሉት ቅዳሜዎች በዲሲ ዙሪያ ያሉት የአሌክሳንድሪያና የሲልቨር ስፕሪንግ ሐበሻ ልጆቹን መኪና ላይ ጭኖ፣ ድፎ ዳቦውንና ቡናውን ይዞ ፖም ለመልቀም ወደ እርሻው ይወጣል።

የለቀማው ሥርዓት የገበሬ ልጅ ለሆነ ሰው ማብራሪያ ይፈልጋል። ለቃሚው ቀኑን ሙሉ የሰው ፖም ሲለቅም ይውላል፤ ገንዘብ የሚከፍለውም እርሱው ነው። እንዲያውም ባዶ ከረጢቱን መግቢያው ላይ አስቀድሞ ይገዛል። ጎጃም ያለው አጎት ይህን ሲሰማ፣ ጤፉን በዚሁ ሥርዓት የሚያጭዱለት የዲሲ ሰዎች ቢላኩለት ከረጢቱን በነፃ እንደሚሰጥ ቃል ገብቷል።

የደረሰ ፖም ተጎትቶ አይለቀምም። መዳፍ ውስጥ ይዘው ወደ ላይ ቀና ሲያደርጉትና ትንሽ ሲያዞሩት ከነዘንጉ ይለቃል፤ እንቢ ካለ ቀኑ አልደረሰም። በጉልበት የጎተተው ሰው አጭሯን ቅርንጫፍ አብሮ ይገነጥላል፤ የሚቀጥለውን ዓመት ፍሬ የምትሰጠው ደግሞ እርሷ ናት። እርሻው በር ላይ፣ ወድቆ ወይም ተጋጭቶ የበለዘ ፖም በቅናሽ ይሸጣል። ለድስት ከሆነ መልክ ስለማያስፈልገው የበለዘው ተቆርጦ ይወጣና ቀሪው ይበቃል። የሻገተው ግን ሳያሳሱ ይጣላል፤ አንዳንድ ሻጋታ የሚተወው መርዝ በመቀቀል አይጠፋም።

ከረጢቱ የተከፈለበት በመሆኑ ሳይሞላው የሚወጣ ሰው የለም። ቡሽል የሚባለው ትልቁ መስፈሪያ 19 ኪሎ ገደማ ፖም ይይዛል። ይህን ያህል ፖም ለጎረቤት ታድሎ፣ ለቤተ ክርስቲያን ተወስዶ፣ በየመሥሪያ ቤቱ ተበትኖም ይተርፋል። አፕልሶስ የድሀ ምግብ ነው ለሚለው የታላቅ እህት ሐሳብ መልሱ እዚህ ላይ ነው፤ የሚሠራው ፖም ሲጠፋ ሳይሆን ፖም መግቢያ መውጫ ሲያሳጣ ነው።

ስኳር ያልተጨመረበት ማለት ስኳር የሌለበት ማለት አይደለም። መቶ ግራም ፖም ውስጥ 10 ግራም ያህል ስኳር አለ፤ አብዛኛው ፍሩክቶስ ነው። በመሆኑም ምንም ስኳር ያልገባበት አንድ ኩባያ አፕልሶስ ወደ 23 ግራም ስኳር ይይዛል። አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር 4 ግራም ነው ከተባለ፣ ይህ ወደ ስድስት ማንኪያ ይጠጋል። እናት ለእንግዳ ሻይ የሚጨምሩት ሦስት ነው። ልጃቸው ስኳር ተቸገረ የሚለው ስጋት በዚህ ሊቆም ይችላል፤ በአንጻሩ ስኳር በሽታ ያለበት ዘመድ ካለ «ያለ ስኳር» የሚለውን አምኖ ሙሉ ሳህን እንዳይበላ ይነገረው። ሱቅ ውስጥ ሁለቱም ዓይነት ጎን ለጎን ተደርድሮ ይሸጣል፤ ስኳር ያልገባበት መሆኑም ዕቃው ላይ እንደ ሙያ በጉልህ ይጻፋል። ስኳር ከሸማቾች ሱቅ በወረፋ ሲገዛ የኖረ ቤተሰብ በዚህ ቢደነቅ አይፈረድበትም።

ጣፋጭነቱ ከፖሙ የሚመጣ በመሆኑ ሙያው ያለው ምርጫው ላይ ነው። ጋላ፣ ፉጂና ጎልደን ደሊሽየስ ጣፋጮች ናቸው፤ ጎልደን ደሊሽየስ በተለይ ሲበስል ቶሎ ይለሰልሳል። ማኪንቶሽ እሳት ሲነካው ወዲያው ይፈርሳል፤ ጎመዝ ያለ ጣዕምና ጥሩ ሽታ አለው። ግራኒ ስሚዝ የሚባለው አረንጓዴ ፖም ኮምጣጣ ሲሆን፣ መጀመሪያ የተገኘው አውስትራሊያ ውስጥ ማሪያ አን ስሚዝ የተባሉ ሴት ቦታ ላይ በቅሎ ነው። ሃኒክሪስፕ ጥሬውን ሲበሉት ግሩም ነው፤ ዋጋው ግን ድስት ውስጥ ለመክተት ያሳሳል። ከሁሉ የሚያምረው ሬድ ደሊሽየስ ደግሞ ለድስት አይሆንም፤ ሲቀቀል ጣዕሙ ይጠፋል።

አንድ ዓይነት ብቻ የቀቀለ ሰው አንድ ዓይነት ጣዕም ብቻ ያገኛል። ሦስት እጅ ጣፋጭ፣ አንድ እጅ ኮምጣጣ ቢቀላቀል ጣፋጩ ይበልጥ ይሰማል። ፖሙ በቅጡ የደረሰ መሆንም አለበት። ፍሬው እየበሰለ ሲሄድ፣ ከተለቀመም በኋላ ቢሆን፣ ውስጡ ያለው ስታርች ወደ ስኳር ይለወጣል። ስለዚህ ጥቂት ቀን ተቀምጦ ቆዳው ትንሽ የተሸበሸበ ፖም ለጥሬ ባይጋብዝም ለዚህ ሥራ ተመራጭ ነው።

አሠራሩ ቀላል ነው። 1.4 ኪሎ ፖም አንድ ሊትር ገደማ አፕልሶስ ይወጣዋል። ፖሙ ታጥቦ ይላጣል፤ አራት ቦታ ተሰንጥቆ መሃሉ ከነዘሩ ይወጣና ይከተፋል። ክትፋቱ እኩል መሆን አለበት፤ ካልሆነ ትንሹ ሲፈርስ ትልቁ ገና ጥሬ ይሆናል። የተላጠ ፖም ቶሎ ይጠቁራል፤ ሲቆረጥ በውስጡ ያለው ኢንዛይም ከአየር ጋር ስለሚገናኝ ነው። አንድ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ ጥቁረቱን ያዘገየዋል፤ ጣዕሙንም ያነቃዋል። ቢጠቁርም የሚጎዳው መልኩን ብቻ ነው። ዲሲ ውስጥ በዚህ የተነሳ የተጣሉ ባልና ሚስት አሉ፤ ነገሩ ለዚያ የሚያበቃ አይደለም።

ወፍራም ድስት ውስጥ ግማሽ ብርጭቆ ውኃ ይበቃል። ጀማሪ የሚሳሳተው እዚህ ነው፤ ፖሙን የሚያሰጥም ውኃ ያደርጋል። ፖም ራሱ ከመቶው 86 እጅ ውኃ ስለሆነ፣ ሲሞቅ የሚያስፈልገውን ያወጣል። የመጀመሪያው ግማሽ ብርጭቆ ሥራው ፖሙ ውኃውን እስኪያወጣ ድረስ ድስቱ ከሥር እንዳያርር መጠበቅ ብቻ ነው። ድስቱ ይከደናል፤ እንፋሎቱ መውጣት ሲጀምር እሳቱ ይቀነሳል። ከዚያ በኋላ ሩብ ሰዓት ወይም ሃያ ደቂቃ በቂ ነው፤ በየመሃሉ በእንጨት ማማሰያ ይማሰላል። ወደ መጨረሻው እንደ ሽሮ ይንተከተካል፤ እየተፈናጠቀም እጅ ያቃጥላል። ክዳኑን ፊት አስጠግቶ የሚከፍት ሰው ትምህርቱን ወዲያው ያገኛል።

የቀረፋ እንጨት ከመጀመሪያው ቢገባ ጥሩ ነው። ቅርንፉድ ከአንድ ፍሬ በላይ ከሆነ ፖሙን ይውጠዋል። አንድ ቁንጥር ጨው ጣፋጭነቱን ያጎላል፤ ይህን የማያምን ከሁለት ሳህን ቀምሶ ያመዛዝን። ኮረሪማ በአሜሪካኖች መጽሐፍ ውስጥ የለም፤ ጥቂት ከተጨመረ ግን ከቀረፋው ይበልጥ እንጂ አያንስም። በርበሬ አይገባበትም። ይህች ዐረፍተ ነገር የተጻፈችው ለታላቅ እህት ነው።

ፖሙ በማማሰያው ጫፍ ሲነኩት የሚፈርስ ከሆነ በስሏል። ሻካራ የሚወድ በሹካ ይደፈጥጠዋል፤ ልስልስ የሚወድ በወንፊት ያሳልፈዋል። በወንፊት የሚያልፍ ከሆነ መጀመሪያውኑ መላጥ አያስፈልግም፤ ልጣጩ ወንፊቱ ላይ ይቀራል፣ ቀይ ፖም ከሆነም አፕልሶሱን ሮዝ ያደርገዋል። ልጣጭና መሃሉ አካባቢ ፔክቲን የሚባለው የሚያረጋ ነገር በብዛት ስለሚገኝ፣ ከነልጣጩ የተቀቀለው ወፈር ይላል። የቀጠነው ክዳኑ ተከፍቶ ጥቂት ይንተክተክ፤ የወፈረው ትንሽ ውኃ ይጨመርበት። ኮምጣጣ ሆኖ ከተገኘ ወደ ስኳር ዕቃው መሮጥ አያስፈልግም፤ ፍሬው የወጣ ሁለት ሦስት ቴምር ተከትፎ አብሮ ቢበስል ያስተካክለዋል።

ምግቡ ቅቤ፣ ወተትም ሆነ እንቁላል የለበትም። በመሆኑም በዐቢይ ጾምም፣ በነቢያት ጾምም፣ ረቡዕና ዓርብም ይበላል፤ እናት ልጃቸው ጾም ስለመጾሙ የሚያነሡት ሌላው ጥያቄ በዚህ በከፊል ይመለሳል። ትልቁ ጥቅሙ ግን ለጾም ኬክ ነው። በአንድ እንቁላል ፈንታ ሩብ ኩባያ፣ ማለትም 60 ሚሊ ሊትር አፕልሶስ ይገባል፤ ሊጡን ያያይዘዋል፣ እርጥበትም ይሰጠዋል። እንቁላሉን ያህል ስለማያነሣው ኬኩ ትንሽ ጠፍጠፍ ብሎ ይወጣል። የስብከተ ወንጌል ጉባኤ ላይ ይህን ያህል ጠፍጣፋነት የሚቆጥር ሰው እስካሁን አልታየም።

ፍሪጅ ውስጥ አንድ ሳምንት ይቆያል፤ ፍሪዘር ውስጥ ደግሞ ለወራት ይዘልቃል፤ ሲረጋ ስለሚነፋ ዕቃው እስከ አፉ አይሞላም። ስኳሩ ማቆያ ነው የሚለው እምነት እዚህ ላይ አይሠራም፤ አፕልሶስን ታሽጎ እንዲቆይ የሚረዳው ኮምጣጣነቱና ሙቀቱ ነው። ለማሸግ ትኩሱ ንጹሕ የመስታወት ዕቃ ውስጥ ይገባል፤ ከላይ አንድ ሴንቲ ሜትር ከሩብ ገደማ ባዶ ይተዋል፤ ከተከደነም በኋላ ዕቃው በፈላ ውኃ ውስጥ ጠልቆ ይቀቀላል። ለባለ አንድ ሊትሩ ዕቃ ዝቅተኛ ቦታ ላይ 20 ደቂቃ ይበቃል። ከ1,800 ሜትር በላይ ግን 35 ደቂቃ ያስፈልጋል። ከፍታ ሲጨምር ውኃ የሚፈላበት ሙቀት ይቀንሳል፤ አዲስ አበባ ላይ ውኃ የሚፈላው 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ነው። በዚሁ ምክንያት ለመቀቀል የተባለው ሃያ ደቂቃም ለአዲስ አበባ አይበቃም፤ ፖሙ እስኪፈርስ መታገሥ ነው። ለአፕልሶሱ ከውጭ የገባ ፖም መፈለግ አይገባም። ፖም ብርድ ስለሚወድ ደጋ ይስማማዋል፤ ከአርባ ምንጭ በላይ ያለችው ጨንቻም በፖሟ የታወቀች ናት።

አንድ ዕቃ አፕልሶስ ለማስረጃ ያህል በመንገደኛ እንዲላክ ታስቦ ነበር። ይሁን እንጂ የሻንጣው 23 ኪሎ ቀድሞ ሞልቷል፤ መስታወት ልብስ መሃል ቢሰበር የሚሆነውም ይታወቃል። ስለዚህ የተላከው አሠራሩ ብቻ ነው። መንገደኛዋ ቅዳሜ ጠዋት ትደርሳለች፤ ከያዘችው ዕቃ ጫማው የታላቅ እህት፣ የደም ግፊት መለኪያው የእናት ነው።