በገመድ የተለካ፣ በአፍ የተነገረ

ተረት ተረት! የላም በረት!

ከዕለታት አንድ ቀን አያ ዝሆን ትልቅ ወፍጮ ሊተክል ቦታ ሲያማርጥ፣ ፍልፈሎች ከአያት ከቅድመ አያታቸው ጀምሮ ሥር እየቆፈሩ የሚኖሩበትን ሜዳ ወደደው። ለአያ አንበሶ አመለከተ። አንበሶም «ወፍጮው ለዱሩ ሁሉ ይጠቅማል» ብሎ ፈቀደለት።

የአንበሶ ጸሐፊ እመት ቀበሮ ፍልፈሎቹን ሰበሰበቻቸው። «መሬቱ የዱሩ ሁሉ ነው፤ እናንተ ባለይዞታ እንጂ ባለቤት አይደላችሁም። ለካሳው ግን አትስጉ፤ የ5 ዓመት የሥር ምርታችሁ ተደምሮ አማካዩ በ10 ይባዛል» አለቻቸው። ፍልፈሎቹ ዝም አሉ። ፍልፈል መቆፈር እንጂ ማባዛት የት ያውቅና!

አንዲት እናት ፍልፈል ግን ብድግ ብላ፣ «ካሳውን በልተን ስንጨርስስ? ልጆቻችን ምን ይውጣቸው?» ስትል ጠየቀች።

አያ ዝሆን ኩምቢውን ከፍ አድርጎ፣ «ይኼማ ምን ያሳስባል! ከየጉድጓዱ አንዳንድ ልጅ ቋሚ ሥራ አስገባለሁ!» አለ። ጭብጨባው ሜዳውን አናወጠው።

ሽማግሌው ኤሊ ብቻ አላጨበጨበም። «እመት ቀበሮ፣ እስቲ ይቺን ቃል ቃለ ጉባኤው ላይ አስፍሪልን» አለ።

«የአያ ዝሆን ቃል ከጽሑፍ ይበልጣል። ይልቅ የገመዱን ጫፍ ያዝልኝ» አለችው።

ገመዱ ተዘረጋ። ሜዳው ከዳር እስከ ዳር፣ ስንዝር ሳትቀር ተለካ።

ወፍጮው ተሠርቶ እስኪያልቅ ካሳውም ተበልቶ አለቀ። ያቺ እናት ልጇን አስከትላ ወፍጮ ቤቱ በር ደረሰች። ቀበሮ በትንሿ መስኮት አንገቷን ብቅ አደረገች።

«ከተነሺዎቹ ነኝ፤ ልጄን ላስቀጥር ነው የመጣሁት።»

«ተነሺ ለመሆንሽ ማስረጃ አለሽ?»

«ጉድጓዴ ነዋ!»

«ታዲያ አሳዪኛ።»

እናትየው የሚሽከረከረውን የወፍጮ ድንጋይ አመለከተች። «እሱ ሥር ነው።»

«እንግዲህ ያለ ማስረጃ መዝገብ አልከፍትም።»

ኤሊና ጎረቤት ፍልፈሎች መጥተው መሰከሩላት። ያን ጊዜ ደግሞ ልጅቷ «ሜዳው ሲለካ ሕፃን ነበረች፤ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም» ተባለች። እሱም በስንት ምልጃ ታለፈና የዓይን ፈተና መጣ። ሥራው ፀሐይ ላይ ቁጭ ብሎ እህል መልቀም ነው፤ ዕድሜዋን ከመሬት በታች የኖረች ፍልፈል ከየት አባቷ ታይ? ወደቀች።

እናትየው በበሩ ስንጥቅ ወደ ውስጥ አሾለከች። «ተነሺ» የሚል ባጅ ያንጠለጠሉ ሠራተኞች ረጃጅም ጭራቸውን እየጎተቱ ወዲያ ወዲህ ይላሉ። አይጦች ናቸው!

«የፍልፈል ጭራ ከመቼ ወዲህ ነው እንዲህ የረዘመው?» ብላ ጮኸች።

«ልማት ነዋ ያሳደገው!» አለች ቀበሮ፣ መስኮቷን እየዘጋች።

አቤቱታው አንበሶ ችሎት ደረሰ። አንበሶ መዝገቡን ገልጦ፣ «መሬቱ ተለክቷል፤ ካሳው ተከፍሏል፤ ስለ ሥራ የተጻፈ ግን አላየሁም» አለ።

«ጌታዬ፣ ቃሉን ሲሰጥ ሁላችንም አጨብጭበናል!»

«ጭብጨባ ማስረጃ አይሆንም።»

በመጨረሻ አያ ዝሆን «አዘነላትና» ልጅቷን በቀን ሒሳብ ቀጠራት። ሥራዋም ሌሊት ሌሊት ፍልፈሎች ጉድጓድ ቆፍረው ወፍጮ ቤቱ እንዳይገቡ መጠበቅ ሆነ።

የካሳውን ስሌት ከዱር አላመጣሁትም። በ1997 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 455 ከመሬቱ ለዘለቄታው ለተነሳ ገበሬ የ5 ዓመት ገቢውን አማካይ በ10 ያባዛ ነበር። በ2011 ዓ.ም. እሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 1161 ከ3 ዓመት ውስጥ ከፍተኛውን ገቢ ወስዶ በ15 አባዛ፤ መልሶ ማቋቋምንም አከለበት። ብዜቱ አድጓል። በስብሰባ ላይ የተነገረች «ልጆቻችሁ ይቀጠራሉ» ግን በስንትም ብትባዛ፣ ካልተጻፈች ያው ባዶ ናት። ስለዚህ ማን እንደሚቀጠር፣ በምን ደመወዝ፣ ማን እንደሚያሠለጥነው፣ ቃሉ ቢታጠፍስ ማን እንደሚጠየቅ ገመዱ ሳይዘረጋ ይጻፍ። አለዚያ ነገሩ ላም አለኝ በሰማይ ነው።

ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ። ዳቦውን ግን ዛሬውኑ፤ በተስፋ አልቀበልም።