ዶክተር ሆኜ ናይሮቢን ጎበኘሁ

ሞያሌ፣ ኬንያ

ይድረስ ለውድ ወንድሜ ለጋሼ፤
ጎንደር።

እኔ ከናፍቆታችሁ በቀር እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ናፍቆቱም ቢሆን ቀን ቀን ሱቅ ስለምውል ጊዜ አያገኝም፤ የሚነሣብኝ ማታ ማታ ነው።

እማዬ «ልጄ ባሕር ማዶ ነው» እያለች ለሰፈሩ እንደምታወራ ሰምቻለሁ። አታስተባብልባት። አንተ ግን እውነቱን እወቀው፤ እዚህ ባሕር የሚባል ነገር የለም፣ የምንጠጣው ውኃ ራሱ በቦቴ የሚመጣበት ጊዜ አለ። ከኢትዮጵያው ሞያሌ ወደ ኬንያው ሞያሌ ሰው የሚሻገረው በእግሩ ነው። በ2020 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ሁለቱ መንግሥታት የጋራ የድንበር ጣቢያ ስለመረቁ አገር መለወጥ አንድ ብርጭቆ ሻይ ከመጠጣት ብዙ አይረዝምም። ባሕር ማዶ መሆኔን የማስታውሰው መንገድ ሳቋርጥ ነው። እዚያ መኪና በቀኝ ይሄዳል፣ እዚህ በግራ፤ እኔ ደግሞ እስከ ዛሬ የማየው ወደ ተሳሳተው በኩል ነው። ከአዲስ አበባም ከናይሮቢም ስምንት መቶ ኪሎ ሜትር ሊሞላ ጥቂት የቀረው ርቀት ላይ ስለተቀመጥን ሁለቱም ዋና ከተሞች እኩል ይረሱናል።

የዛሬው ደብዳቤ ስለ ሥራህ ነው። አንተ በፋሲል ግቢ ስንት ዓመት ሰው ስታስጎበኝ ኖረሃል፣ እኔን ግን በዕድሜዬ ማንም አስጎብኝቶኝ አያውቅም ነበር። ሰሞኑን ናይሮቢን የግል አስጎብኚ ተመድቦልኝ፣ መኪና ከነሹፌሩ ቀርቦልኝ፣ ቀኑን ሙሉ ዞርኩ። ዋጋውን ለእማዬ አትንገራት፤ እኔም አልከፈልኩም።

ነገሩ እንዲህ ነው። የአሠሪዬ አጎት ከሚኒሶታ ይመጣሉ ተባለና ለእሳቸው የአንድ ቀን ጉብኝት ተከፈለ። ሰውዬው ጡረታ የወጡ ዶክተር ናቸው፤ ሰባ ዓመታቸው ነው፣ ግራ ጉልበታቸውንም ያማቸዋል። በመጨረሻው ሰዓት ጉዟቸው ተራዘመ። የተከፈለው ገንዘብ አይመለስም ተባለ። እኔ ደግሞ ዕቃ ላስጭን እዚያው ናይሮቢ፣ ኢስሊ ሰፈር ነበርኩ። አሠሪዬ ደወለና «ገንዘቡ ከሚቃጠል አንተ ሂድበት» አለኝ። ሰው በሰው ጉልበት ሲጎበኝ ይታይህ።

ቀጠሮው በስዋሂሊ «ሳ ታቱ» ተባለ፣ ሦስት ሰዓት ማለት ነው። ስዋሂሊ ተናጋሪው ሰዓት መቁጠር የሚጀምረው እንደኛው ከጠዋት ነው፤ ሦስት ሰዓት ሲልህ የእማዬ ሦስት ሰዓት ነው። ወደ እንግሊዝኛ ከዞርክ ግን ያው ሰዓት ዘጠኝ ይሆንብሃል። ስለዚህ አገር ናፍቆኝ ሰዓት መጠየቅ ባማረኝ ቁጥር በስዋሂሊ እጠይቃለሁ።

አስጎብኚው ሸሚዙን የተኮሰ፣ ቆብ ያደረገ ወጣት ነው። «ዶክተር» የሚል ወረቀት ይዞ ቆሟል። ቀርቤ ሰላም ስለው ከኋላዬ ሽማግሌውን ይፈልግ ጀመር። «ዶክተሩ የት አሉ?» «ለዛሬ እኔ ነኝ» አልኩት። ከላይ እስከ ታች አየኝ፣ ወረቀቱን አየ፣ እንደገና እኔን አየ። ወረቀቱ ያሸነፈው ይመስለኛል። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ደረጃ ባየ ቁጥር ክንዴን ይይዛል፣ አግዳሚ ባየ ቁጥር «ዶክተር፣ አረፍ ይበሉ» ይላል። መጀመሪያ አፈርኩ፤ እስከ ረፋዱ ግን ጉልበቴን እውነትም ያመኝ ጀመር።

መጀመሪያ የወሰደኝ ወደ ምድር ባቡር ሙዚየም ነው። «ታሪካዊት ዋና ከተማችን የተወለደችው እዚህ ነው» አለኝ። ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆቹ ልቁጠርልህና፣ እንግሊዞች በ1896 ከሞምባሳ የጀመሩት ሐዲድ በ1899 እዚህ ደረሰ። ረግረጉ ሜዳ ላይ የዕቃ ማከማቻና የሠራተኛ ድንኳን ተተከለ፤ በ1905 ደግሞ ዋና ከተማነቱ ከሞምባሳ ተነሥቶ ወደዚህ መጣ። ይህን ሲነግረኝ እኔ በልቤ ቁጥር እሠራለሁ። ፋሲለደስ ጎንደርን የቆረቆረው በ1636 ነው። አዲስ አበባ እንኳ፣ እኛ ጎንደሬዎች ገና ልጅ ናት የምንላት፣ በ1886 ተቆርቁራ ናይሮቢን አሥራ ሦስት ዓመት ትበልጣታለች። እና ይኼ ልጅ «ታሪካዊት» የሚለው ምኑን ነው?

አንድ አሮጌ ፉርጎ አሳየኝ። በ1900 ኪማ በምትባል ጣቢያ ሰው በላ አንበሳ ያስቸግራል ተብሎ አንድ የባቡር ፖሊስ ሹምና ሁለት ጓደኞቹ ሊገድሉት በዚህ ፉርጎ ውስጥ አደሩ። ሹሙ ተራው ደርሶ ሲጠብቅ እንቅልፍ ወሰደው፤ አንበሳው ገብቶ ይዞት በመስኮት ወጣ። አስጎብኚው ይህን ሲተርክ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ አንበሳው የገባበትንና የወጣበትን በእጁ እያሳየ ነው፤ ፉርጎው ውስጥ ለመግባት አቅማማሁ። ጋሼ፣ እኛ ዘንድ የነገሥታቱ የአንበሳ ቤት ከነድንጋዩ ቆሟል። አንተ ግን «ይህ የአንበሳ ቤት ነው» ብለህ ታልፈዋለህ። እነዚህ አንድ ሌሊት ከገባ አንበሳ እስከ ዛሬ እንጀራ ይበላሉ፣ እኛ ትውልድ ለትውልድ አንበሳ ቀልበን አንድ ተረክ አላወጣንለትም።

በመጨረሻ ትዕግሥቴ አለቀና «የኔ ከተማ እኮ ያንተን ከተማ በሁለት መቶ ስልሳ ሦስት ዓመት ትበልጣታለች» አልኩት። አልተቆጣም። «አውቃለሁ፤ ናይሮቢ ልጅ ናት። ለዚህ ነው ማን አምጦ እንደ ወለዳት የምናስታውሰው» አለኝና ነገረኝ፤ ለሐዲዱ ሥራ ከሠላሳ ሺህ በላይ ሰዎች ከህንድ እንደመጡ፣ ከሁለት ሺህ በላይ የሚሆኑት በበሽታና በአደጋ እንዳለቁ፣ የብዙዎች ማሳና ግጦሽ እንደተወሰደ። ከዚያ ዞር ብሎ «ዶክተር፣ የእርስዎን ከተማ ግንብ ማን ሠራው?» አለኝ።

«ፋሲል» አልኩ ደረቴን ነፍቼ።

«በእጁ?»

ጋሼ፣ እስከ ምሳ ድረስ አልተናገርኩም።

ኬንያታ የጉባኤ ማእከል አናት ላይ አወጣኝ። በ1973 የተጠናቀቀ ሃያ ስምንት ፎቅ ነው፤ ኖርዌያዊ አርክቴክት ከኬንያዊ ባልደረባው ጋር ነድፎታል። ከላይ ሆነህ ብታይ በአንድ በኩል ፎቁ ተጠጋግቶ ቆሟል፣ በሌላው በኩል አንበሳና አውራሪስ የሚኖሩበት ፓርክ ሜዳው ተዘርግቷል። ፓርኩ ከ1946 ጀምሮ ያለ ነው፣ 117 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ እዚያው ከተማው ጥግ። እኔ ላየው ስነሣ አስጎብኚው ወንበር ፈልጎ አመጣልኝ።

ከዚያ በኃይለ ሥላሴ ጎዳና ሄድን። አዎ፣ በጃንሆይ ስም የሚጠራ ሰፊ አውራ ጎዳና አላቸው። ስሙን ሳነበው የቤተሰብ መንገድ መስሎኝ ደስ አለኝ። መንገዱ ከሞይ ጎዳና ጋር ከሚገናኝበት ማዕዘን ስንደርስ ግን አስጎብኚው ቆቡን አወለቀ። የአሜሪካ ኤምባሲ የነበረበት ቦታ ነው። ነሐሴ 7 ቀን 1998 በፈረንጆቹ ቦምብ ፈንድቶ ከሁለት መቶ በላይ ሰው ሞተበት፤ አብዛኞቹ ኬንያውያን ናቸው። ዛሬ የመታሰቢያ መናፈሻ ነው፣ ስሞቹ ተጽፈዋል። ቀልድ የለም፣ ማጋነን የለም፤ የሆነውን ተናገረ፣ ስሞቹን በራሴ ጊዜ እንዳነብ ተወኝ። አንተ ደግሞ የኢያሱን ግንብ ስታሳይ «በጣሊያን ጦርነት ጊዜ የእንግሊዝ ቦምብ ጎድቶታል» ትልና «ፎቶ እዚህ ጋ ያምራል» ትላለህ። በመካከሉ ትንሽ ትንፋሽ ብትተውለት ምን አለ?

ምሳ። ዕለቱ ዓርብ ነበር። አስጎብኚው የሚወስደኝ የተጠበሰ ሥጋ የሚቆረጥበት ቤት ነው፤ «ጾም ነኝ» አልኩት። ግድ የለም አለና ኡጋሊና ሱኩማ አዘዘልኝ። ኡጋሊ የበቆሎ ገንፎ ነው፣ ቅቤም በርበሬም የሌለው፣ በሹካ ሳይሆን በእጅ የሚጠቀለል፤ ሱኩማው የኛ ጎመን ነው። ልጁ ግን ወረቀቱን አውጥቶ አየና ለአስተናጋጁ በስዋሂሊ አንድ ነገር አለ። ሳህኑ ሲመጣ ጎመኑ ጨው የሚባል አልነካውም። ለካ ዶክተሩ ደም ግፊትም አለባቸው! ጾሙን እጥፍ አድርጎ አስጾመኝ።

ከሰዓት በኋላ ካረን ወደሚባለው ሰፈር ሄድን። አንዲት የዴንማርክ ሴት፣ ካረን ብሊክሰን፣ ቡና ያለማችበት ርስት ነበር። ቤቱ የተሠራው በ1912 ነው፤ አስጎብኚው «በጣም አሮጌ ነው፣ ግድግዳውን አይደገፉ» አለኝ። ሳቄን በመከራ ያዝኩት፤ እኛ ልጅ ሳለን ኳስ ስናጋጭበት የነበረው ግድግዳ የሦስት መቶ ዓመት ነው። መሬቱ ለቡና ከፍታው በዝቶበት ምርቱ አልሆነላትም፣ ከሰረች፣ በ1931 አገሯ ገባች። ቡናው ቢከስርም ስለ ቡናው እርሻ የጻፈችው መጽሐፍ አተረፈ፣ በኋላም ፊልም ሆነ፤ ቤቱም ከ1986 ጀምሮ ሙዚየም ነው። ሰው ከዓለም ዙሪያ መጥቶ የከሰረ የቡና እርሻ ቤት ያያል! እኛ ዘንድ እቴጌ ምንትዋብ ቁስቋም ላይ ግቢ ሠርታ፣ አገር ገዝታ፣ ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ከሩቅ መጥቶ እዚያው አርፎ፣ ያንን ዳገት የሚወጣው ጎብኚ ጥቂት ነው።

ማታ ስንለያይ አስተያየት የምሞላበት ወረቀት ሰጠኝ። ሁሉንም «እጅግ በጣም ጥሩ» አልኩና በዶክተሩ ስም ፈረምኩ። ጉርሻውን ግን ከራሴ ኪስ ነው የሰጠሁት፣ ይገባዋል።

በሌሊቱ አውቶቡስ ወደ ሞያሌ ስመለስ፣ ኢሲዮሎን ካለፍን በኋላ ያለው በረሃ እንቅልፍ ስለማያስተኛ አሰብኩ። ያ ልጅ በእጁ ያለው ታሪክ ያንተን ሩብ አይሞላም። ያለውን ግን ከሥሩ ያውቀዋል፤ የሠራውን ሰው ይጠራል፣ የሞተውን ይቆጥራል፣ የከሰረውንም አይደብቅም። አንተ የ900 ሜትሩን አጥር፣ የነገሥታቱን ተራ፣ ዩኔስኮ በ1979 መመዝገቡን እንደ ዳዊት ትደግመዋለህ። ድንጋዩን የጠረቡት፣ እንጨቱን የሠሩት ከወለቃና ከሌላው መንደር የመጡ ቤተ እስራኤል ግንበኞችና አናጢዎች ግን ስማቸው ካንተ አፍ ሲወጣ ሰምቼ አላውቅም። የአዲስ ዓለም ሰፈሩ ሙስሊም ነጋዴ ከተማዋን ምን ያህል እንዳቀናትም እንዲሁ። ዕድሜ ብቻውን ሰው አያስጎበኝም ጋሼ፤ የሚያስጎበኘው አፍ ነው፣ አፍም የሚሞላው ሰው ሲገባበት ነው።

በዚህ ላይ ጎብኚ መጥፋቱን ጽፈህልኛል። እናንተ ዘንድ ያለው ጦርነት ካልቆመ ፈረንጁ ከየት ይመጣል? ግን ጊዜ ተርፎሃልና አንድ ነገር ልለምንህ። እማዬ ያንን አጥር እየታከከች ዕድሜዋን ሙሉ ቅዳሜ ገበያ ተመላልሳለች፤ ውስጡን ግን በደንብ ያሳያት ሰው የለም። የሚመጣው ቅዳሜ ከገበያ ስትመለስ ጠብቃት። የሰፈሩን ልጆችና ጀበና የሚጥዱትን ሴቶችም ጨምር። ክፍያውን እኔ እልካለሁ። ደረጃው ላይ ክንዷን ያዝ፣ በየአግዳሚው አሳርፋት፤ ስለ ፋሲልም ከመናገርህ በፊት ድንጋዩን ማን እንደጠረበው ንገራት።

አክባሪ ታናሽ ወንድምህ፣
ከሞያሌ