«ከዕለታት አንድ ቀን» ስለምትባለው ዕለት ርዝመትና ባሕርይ የቀረበ አጭር ሐተታ

ሊቃውንት ስለ ሰማይ ስፋትና ስለ ባሕር ጥልቀት ብዙ ሲደክሙ፣ ከሕፃንነታችን ጀምሮ ማታ ማታ የምንገባበትን፣ ስንወጣም ዳቦ የምንጠየቅበትን የተረትን አገር ግን መለኪያ ይዞ የጎበኘ ሰው አለመኖሩ ሁልጊዜ ያሳዝነኝ ስለ ነበር፣ ስለ አገሩ ባሕርያት ሁሉ ሳይሆን ስለ አንዱ ብቻ፣ ይኸውም ስለ ዕለቱ መለጠጥ፣ በአቅሜ የመረመርሁትን እነሆ አቀርባለሁ።

የአገሩ በር የላም በረት መሆኑ ከመክፈቻው ቃል የታወቀ ነውና አላትትበትም። የሚያስቸግረው ከበሩ ወዲያ ያለው ዘመን ነው። ጅብ አህያን ያታለለው፣ ጦጣ በአንበሳ ፊት ቆማ የተሟገተችው፣ ድመት የመነኰሰችው፣ ንጉሥ ልጁን የዳረው፣ ሁሉም በአንዲት ዕለት፣ ያውም «ከዕለታት አንድ ቀን» በምትባለው ዕለት ነው፤ በማግስቱ ሆነ ሲባል የሰማሁት ተረት የለም።

ባሕረ ሐሳብ እንደሚያስተምረን አንድ ዕለት 60 ኬክሮስ፣ አንዱም ኬክሮስ 60 ካልዒት ነው፤ የእጅ ሰዓት ለለመደ ሰው ኬክሮስ 24 ደቂቃ፣ ካልዒት 24 ሴኮንድ መሆኑ ነው። እንግዲህ ንጉሡ ለልጁ ሰርግ ሰባት ቀንና ሰባት ሌሊት ሲያበላና ሲያጠጣ 420 ኬክሮስ ከፈጀ፣ ያም ሁሉ ግብር 60 ኬክሮስ ብቻ ባላት ዕለት ውስጥ ተበልቶ ካለቀ፣ ዕለቲቱ ቢያንስ ሰባት እጥፍ ትለጠጣለች ማለት ነው። ይህ ግን ትንሹ ነው። መካኒቱ ሴት ስለቷ ሠምሮ ወለደች፣ ልጁም አደገ፣ ለአካለ መጠን ደረሰ ሲባል፣ ለማደጊያው 20 ዓመት ብንቈርጥለት፣ በዘመነ ሉቃስ የሚተርፉትን አምስት የጳጉሜን ቀኖች ሳንዘነጋ 7,305 ቀን፣ በኬክሮስም 438,300 ይሆናል። ይህን ሁሉ ዘመን አያቴ ከመደቡ ላይ ተቀምጠው ጥጥ ሲፈትሉ ያለፉት፣ እንዝርቱን ከጭናቸው ላይ አንድ ጊዜ አሹረው ክሩ አንድ ክንድ እስኪረዝም ባለው ጊዜ ነው፤ የልቤን ምት እየቈጠርሁ ብለካው ግማሽ ካልዒት አልሞላም። አልበርት አይንስታይን በ1905 እ.ኤ.አ. ጊዜ ለሚሮጥና ለቆመ እኩል እንደማይሄድ ማስተማሩ የታወቀ ቢሆንም፣ ሳይሮጡ፣ እግራቸውን እንኳ ሳይዘረጉ 20 ዓመት ስለሚያሳልፉ አሮጊት የተናገረው ነገር የለም።

ዕለቲቱ ከሳምንቱ የትኛዋ ናት የሚለው ደግሞ የባሰ ያከራክራል። አያ ጅቦ የአህያውን ሥጋ ሲበላ ነውር ነው ያለው ስለሌለ፣ ረቡዕና ዓርብ ልትሆን አትችልም ብዬ ነበር። ዳሩ ግን ጅብ ከጥንቱም ጾም የማያውቅ አውሬ ነውና ምስክርነቱ ውድቅ ነው። ልትታመን ይገባት የነበረው የመነኰሰችው ድመት ናት፤ እርሷም አይጧን የበላችው ምንኵስናዋን ረስታ በመሆኑ ጾም ይሁን ፍስክ መለየት አልተቻለም። ቀመር ያስተማሩኝ የኔታ ዘንድ ሄጄ ዕለቲቱን እንዲያወጡልኝ ብለምናቸው፣ «ዓመተ ዓለሙን ንገረኝና ለ19 ገድፌ ወንበሩን፣ ከወንበሩም አበቅቴውንና መጥቅዑን ላውጣልህ» አሉኝ። ዓመተ ዓለም የለውም ብላቸው ትክ ብለው አይተውኝ፣ «እንዲህ ያለ ዕለት ዐቢይ ቀመሩ 532 ዓመቱን ሙሉ ቢዞር አይገኝም፤ ይልቅ ሂድና ዳዊትህን ድገም» ብለው አሰናበቱኝ።

ከቀመር ይልቅ የረዳኝ እንቅልፍ ነው። አንድ ማታ ጅቡ ፍየሊቱን ሊውጥ አፉን ከከፈተበት ላይ እንቅልፍ ጣለኝ፤ ማግስቱን ከብት ስጠብቅ ውዬ፣ ጥጃ አስጠብቼ ተገርፌ፣ ራቴን በልቼ ከመደቡ ሥር ስቀመጥ ጅቡ አፉን እንደ ከፈተ ነበር፤ ፍየሊቱም አንዲት እርምጃ አልሸሸችም። የእኛ አገር ዕለት በዚህ መካከል 60 ኬክሮሷን ጨርሳ ሌላዋን ጀምራለች። ከዚህ ተነሥቼ የተረት አገር ጊዜ የሚሄደው ተራኪው ሲናገር ብቻ ነው፣ ዝም ሲል ባለበት ይቆማል ብዬ ልደመድም ስል፣ ታላቅ ወንድሜ ያን ማታ ሳይተኛ ቆይቶ ኖሮ፣ ፍየሊቱ ትናንትናውኑ አምልጣለች፣ ጅቡም ገደል ገብቷል ብሎ ተከራከረኝ። በአንድ መደብ ሥር ለተቀመጡ ሁለት ልጆች አንድ ጅብ በአንድ ጊዜ አፉን የከፈተም ገደል የገባም ከሆነ፣ የዕለቲቱ ባሕርይ ካሰብሁት ይልቅ የረቀቀ ነው። ሆኖም ወንድሜ በዚያው ማታ የእኔን ድርሻ ዳቦ መብላቱ በኋላ ስለ ተደረሰበት ቃሉን አልተቀበልሁትም።

በመጨረሻ ምንጩን መጠየቅ ይሻላል ብዬ፣ «እማማ፣ ያ ቀን ምን ቀን ነበር?» አልኋቸው። እንዝርታቸውን አቁመው፣ ይህን ያህል ዘመን ይህን አለማወቄ እየገረማቸው፣ «የገበያ ቀን ነዋ! አህያው ጨው ጭኖ አልነበረም እንዴ?» አሉኝ። የየት ገበያ እንደ ሆነ ልጠይቃቸው ስል የድፎው ኮባ ሲያር ሸተታቸውና ተነሥተው ወደ ጓዳ ገቡ፤ እኔም አፌን እንደ ከፈትሁ ቀረሁ።