ፓሪስ ይመር

ወልድያ ላይ ሕፃን ይጠበቃል እንበል፤ ስሙም ተመርጧል፦ ፓሪስ። ቦታ ነው፣ ፈረንሳይኛ ነው፣ ለወንድም ለሴትም ይሆናል። የአባት ስም ሲጨመርበት «ፓሪስ ይመር»።

ለሁለቱም ፆታ የሚሆን ስም ቸግሮን አያውቅም። ደስታ፣ ብርሃን፣ አዲስ ይህንኑ ሥራ ያለ ፈረንሳይ እርዳታ ሲሠሩ ኖረዋል። ይመርማ ይባስ፤ ወሎ ውስጥ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም ይጠራበታልና ሃይማኖት እንኳ አያስነቃም። ደግሞስ ፆታ ተደብቆ የት ይደረሳል? ክርስትና ወንድ በ40፣ ሴት በ80 ቀን ነው፤ ጎረቤት ቀን ይቆጥራል።

«ሎሬን» የሚሉም አይጠፉም። የፈረንሳይዋ ሎሬን ግዛት ስሟን ያገኘችው በ9ኛው ክፍለ ዘመን ከገዛት ከዳግማዊ ሎታር ነው። ፆታ ላለመለየት ተለፍቶ ተለፍቶ፣ የንጉሥ ስም፤ ያውም የወንድ!

የቦታ ስም ከሆነ ጥማቱ፣ ሀብሩ ወረዳ ቅርብ ናት። እዚያው ያለው የሲሪንቃ ግብርና ምርምር ማዕከል ካወጣቸው የማሽላ ዝርያዎች መካከል ግራና-1፣ የጁ እና ራያ ይገኙበታል። ተመራማሪ ለማሽላ ያገሩን ስም ሲሰጥ አላፈረም፤ ማሽላውም ስሜ ገጠሬ ነው ብሎ አልበቅልም አላለም። ግራና ይመር ቢባል ምን ይጎድላል? ለሁለቱም ፆታ ይሆናል፤ ፓስፖርት ላይም ያምራል።

አያትየው መርሳ ከተማ ሆነው ወሬውን ሰምተዋል። አልተቆጡም። ማንጎ ጭነው ሊጠይቁ ይመጣሉ፤ ልጁን የሚጠሩበትን ስም ግን አውጥተው ጨርሰዋል።