ካሜራው የት ነበር?

በተሾምኩ በሳምንቱ ባለቤቴ በስልኳ አንድ የጥንት የፈረንሳይ ፊልም አሳየችኝ። ሹመቴ የቡድን መሪነት ነው። ከሥሬ ሁለት ሰዎች አሉ፤ አንደኛው የዓመት ፈቃድ ላይ ነው። ቢሆንም ሹመት ሹመት ነውና አረማመዴን አሳምሬያለሁ፤ ጉሮሮዬን ሳልጠርግም አልናገርም።

ፊልሙ ድምፅ አልባ ነው። ፈርዲናንድ ዜካ በ1907 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ለፓቴ ኩባንያ የሠራው ሲሆን ርዕሱ «የፖሊሶቹ ሩጫ» እንደ ማለት ነው። አንድ ውሻ ከሥጋ ቤት ሥጋ ላፍ አድርጎ ይፈተለካል፤ የፓሪስ ፖሊሶች ማዕረጋቸውን ረስተው ከኋላው ይግተለተላሉ። በፖሊስ ሩጫ ፊልሞች በአሜሪካ ስሙ የገነነው ማክ ሴኔት የመጀመሪያ ሐሳቦቹን ከፓቴ መስረቁን በኋላ ራሱ አምኗል። ውሻው ግን እስከ መጨረሻው አላመነም።

ፖሊሶቹ የፎቁን ግድግዳ ሽቅብ ሲቧጥጡ ሳይ ገረመኝ።

«እንዴት ወጡት?»

«የት ወጥተው! ግድግዳው እኮ ሥዕል ነው፤ ወለል ላይ አንጥፈውታል። ካሜራው ከላይ ሆኖ ቁልቁል ያነሳቸዋል። እነሱ መሬት ለመሬት እየዳሁ ነው።»

ሆዴን ይዤ ሳቅሁ። ውሻው በተራው ዞሮ ሕግ አስከባሪዎቹን እስከ ጣቢያቸው ሲያባርራቸው ደግሞ እንባዬ መጣ። መጨረሻ ላይ ውሻው የፖሊስ ኮፍያ ደፍቶ ሥጋውን ይዞ ብቅ ይላል። እሱም ተሾመ ማለት ነው።

ባለቤቴ ግን አልሳቀችም። ትክ ብላ አየችኝና፣

«አንተስ ስትወጣ ካሜራው የት ነበር?» አለችኝ።

ሳቄ ጉሮሮዬ ላይ ቀረ። ሁለት ዓመት ሙሉ የአለቃዬን ቦርሳ ተሸክሜያለሁ። ለልጃቸው ምርቃት ድንኳን ስተክል ውያለሁ። ያቺን የበግ ነጋዴውን ቀልዳቸውን ሰባት ጊዜ ሰምቼ ሰባቴም እንደ አዲስ ስቄያለሁ። መሥሪያ ቤታችን ይህን ሁሉ «የሥራ እድገት» ብሎ በደብዳቤ ጽፎ፣ ማኅተም አሳርፎበት ሰጥቶኛል።

ልመልስላት ጉሮሮዬን ጠረግሁ። ከመጥረግ ያለፈ ነገር አልወጣኝም።

በማግሥቱ ጠዋት ስብሰባ ላይ አለቃችን የበግ ነጋዴውን ቀልድ ጀመሩ። ሳይጨርሱት፣ ከሁሉ ቀድሜ ሳቅሁ።