ኢትዮጵያዊ ለመሆን ኢትዮጵያዊ መሆን አይበቃም

ልጄ ነርስ ትሁን ወይስ ፋርማሲስት እያለ እንቅልፍ ለሚያጣ የአትላንታ ወላጅ አንድ የተዘነጋ እንጀራ ልጠቁመው፤ ካስቲንግ ዳይሬክተርነት። ካስቲንግ ዳይሬክተር በፊልም ውስጥ ማን ማንን ሆኖ እንደሚተውን የሚመርጥ ሰው ነው። ሙያው ክብሩ ጨምሯል፤ የኦስካር ሰዎች ዘጠና ምናምን ዓመት ሙሉ ከረሱት በኋላ ከ2026 ጀምሮ የራሱን ሽልማት መድበውለታል።

ሥራም አይጠፋም። አትላንታ ያለችባት ጆርጂያ ከ2008 ወዲህ ፊልም ሠሪው ግዛቷ ውስጥ ካፈሰሰው ገንዘብ 20 በመቶውን በግብር ታካክስለታለች፤ ፊልሙ መጨረሻ ላይ የኮክ ፍሬ አርማዋን ከለጠፈላት ደግሞ 10 ትመርቅለታለች። በዚህ ሒሳብ አፍሪካ እዚሁ ብትመረት ታዋጣለች። የፊልሟ አገር ዋካንዳ የተቀረጸችው አትላንታ ነው። የ«ካሚንግ 2 አሜሪካ»ዋ ዛሙንዳም ቤተ መንግሥቷ ፌይትቪል ያለው የራፐሩ የሪክ ሮስ ቤት ነው። የሌለ አገር ደግሞ ጥሩነቱ፣ ዜጋው «እኛ እንዲህ አንናገርም» ብሎ አያስቸግርም።

ሙያው የሚፈተነው ካርታ ላይ ያለ አገር ሲመጣ ነው። በ2019 የወጣው «ዘ ሬድ ሲ ዳይቪንግ ሪዞርት» ቤተ እስራኤላውያን በሱዳን በኩል የወጡበትን ታሪክ ይተርካል። ከቤተ እስራኤላዊው ከፈረደ አክሉም ሕይወት የተቀዳው ከበደ የሚባለው ገጸ ባሕርይ ለማን ተሰጠ? ለብሩክሊኑ ልጅ፣ ለማይክል ኬ. ዊልያምስ። ግሩም ተዋናይ ነበር፤ ነፍሱን ይማርና ጥፋቱም የእሱ አይደለም። ነፃ አውጪው ካፒቴን አሜሪካ ራሱ፣ ክሪስ ኢቫንስ ነው። ከዚያ በፊት በ2003 «ቢዮንድ ቦርደርስ» የ77ቱን ረሃባችንን ናሚቢያ በረሃ ላይ ቀርጾልናል። ረሃብ ካለ አሸዋ መኖር አለበት፤ ረሃቡ የጸናባት ኮረም ደጋ ብትሆን የራሷ ጉዳይ ነው።

አዲስ አበባ የተወለደችው ሩት ነጋ በበኩሏ ለኦስካር የታጨችው የቨርጂኒያ ሴት ሆና ተውና ነው። ሚዛኑ ተጠበቀ ማለት ነው።

ሙያው ያልገባቸውም አልጠፉም። የ«ካፒቴን ፊሊፕስ» መራጮች የሶማሌ ወንበዴ ሲፈልጉ ሚኒያፖሊስ፣ ሶማሌዎች ሰፈር ድረስ ሄደው ኦዲሽን ከፈቱ። ሊሙዚን ይነዳ የነበረውን ባርካድ አብዲን አነሡ፤ ልጁም ለኦስካር ታጨ። ሶማሌን ሶማሌ ማድረግ! ይሄማ ማንም ይችለዋል።

አትላንታ ውስጥ ግን ሥራው በሥርዓቱ ይሠራል። ዋናዎቹ ገጸ ባሕርያት ሎስ አንጀለስ ወይም ኒውዮርክ ተከፋፍለው ያልቁና ለከተማው ሰው ሁለት ሦስት መስመር ያላቸው ይተርፋሉ። ለእነሱም ተወዳዳሪው ራሱን ቀርጾ ይላክ ይባላል። እንበል አትላንታ አጠገብ ክላርክስተን የምትኖር አንዲት ልጅ የሌሊት ፈረቃዋን ጨርሳ መጥታለች። ሰማያዊ አንሶላ ግድግዳው ላይ ወጥራ፣ ስልኳን የበርበሬ ጣሳ ላይ አስደግፋ ቆመች። የአክስቷ ልጅ ከስልኩ ኋላ ሆና በትዕይንቱ ያለውን የወታደር ቃል ታነብላታለች፣ በመሃል ሳቋ ይመጣባታል፣ እንደገና ይጀምራሉ። የተሰጣት ገጸ ባሕርይ «ኢትዮጵያዊት ስደተኛ» ነው። ስደተኛም ኢትዮጵያዊትም ስለሆነች ብዙ አልተጨነቀችም። እዚህ ላይ ተሳሳተች።

መልሱ በጨዋ ቋንቋ ይመጣል፦ በጣም ወደናታል፣ ብቻ ትንሽ አፍሪካዊ ብትሆንልን። ድምፅዋ ለስላሳ ሆነባቸው። «ር»ን አላንከባለለችም፣ እጇን አላወናጨፈችም፣ ፊቷም እንደ ተራበ ሰው አልሆነም። ደግማ ላከች። አሁንም አልደረሰችበትም፤ ሃያ ምናምን ዓመት አዲስ አበባ መኖር ለካ ለዚህ አያዘጋጅም።

ቦታው ቺካጎ ላደገች፣ አፍሪካን አይታ ለማታውቅ ተዋናይት ተሰጠ። ከሳምንት በኋላ የእኛዋ ልጅ ስልክ ጮኸ። ቅዳሜ ጊዜ ካላት፣ መጥታ ለተመረጠችው ተዋናይት አነጋገሩን እንድታሳያት ነው፤ ክፍያ ባይኖረውም ምሳ አለ። ያንቺን ያህል ግን እንዳይሆን አሏት።