ትኬት ከቡራዩ፣ ወንበር ከሰበታ

ፓሪስ፣ ነሐሴ 8 ቀን 2016 ዓ.ም.

ይድረስ ለእታለም፣ ጮክ ብለሽ ለምታነቢላቸው ለእማዬና ለአባባ፣ እንዲሁም በሩን ተደግፎ «ምን አለ? ምን አለ?» እያለ ንባቡን ለሚያቋርጠው ለጋሼ ደርባ።

እኔ ከናፍቆታችሁና ከሳህን እጥበት በቀር እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። እማዬ፣ ፍልሰታን ይዣለሁ። የምግብ ቤቱ ዋና አብሳይ ቅቤ አልበላም ስለው ሐኪም የከለከለኝ መስሎት ያዝንልኛል፤ እኔም አላስተባበልኩም፣ ድንች ይደርብልኛል። አባባ፣ ሹመት አግኝቻለሁ፤ ከሳህን ወደ ብርጭቆ ተዛውሬያለሁ። እዚህ አገር ብርጭቆ የሚሰጠው ለታመነ ሰው ነው። ጋሼ ደርባ፣ አትሳቅ።

እታለም፣ በድምፅ የላክሽውን ሰምቼዋለሁ። «ፓሪስ ተቀምጠህ ኦሎምፒክን እንደኛ በስልክ ካየህ ምኑን ሄድከው? ሱሉልታም እኮ ኔትወርክ አለ» ብለሻል። ይህን የምትለው የታላቁ ሩጫ ቲሸርቷን በዋዜማው ለጎረቤት አትርፋ ሸጣ፣ በማግስቱ ጉልበቴን አመመኝ ብላ እስከ ቀትር የተኛች ሴት ናት። ስለዚህ የትኬትን ነገር ላንቺ እንደ ባለሙያ ነው የማወራሽ።

ለኦሎምፒኩ የትኬት ወረቀት አልነበረም፤ ትኬቱ ስልክ ውስጥ ነበር። ከ9 ሚሊዮን በላይ ትኬት ተሽጧል። ርካሹ 24 ዩሮ ነበር፤ እሱን የገዙት ሰዎች ወሬው እኔ ጋ ሳይደርስ ጨርሰውታል። መግባት ያልቻለ ሰው ግን ወንበሩን በአዘጋጆቹ በራሳቸው መልሶ መሸጫ ላይ ያወጣው ነበር፤ ፈላጊም ከዚያ ላይ ያነሳው ነበር። ዋጋው ሻጩ የገዛበት ነበር፣ ጥቂት የአገልግሎት ክፍያ ይጨመርበታል እንጂ ትርፍ የሚባል አልነበረም። ከዚያ ውጭ ያለ አዘጋጁ ፈቃድ ሥራዬ ብሎ ትኬት ለሚቸረችር የፈረንሳይ ሕግ እስከ 15,000 ዩሮ ቅጣት አስቀምጧል። አንቺ እዚህ ብትሆኚ ኖሮ እኔ ስንቅ አመላላሽ ነበርኩ። ጋሼ ደርባም ጥቅምት 3 ቀን 2006 ከናይጄሪያ ጋር በተጫወትንበት ዕለት፣ አገር ሁሉ አዲስ አበባ ስታዲየም በር ላይ አድሮ በነጋታው፣ ከአንድ ባለ ኮፍያ ልጅ የገዛትን ትኬት ያስታውሳል። እኛ 2 ለ 1 በመሸነፋችን ሲያለቅስ እሱ ስለ ትኬቱ ነበር የሚያለቅሰው። ከዚህ በላይ አልናገርም፣ ጾም ነው።

እኔ የፈለግሁት የወንዶቹን 10,000 ሜትር ነው። ሰለሞን ባረጋ፣ በሪሁ አረጋዊና ዮሚፍ ቀጄልቻ አንድ ላይ! ስንት ዓመት ሙሉ ማለዳ በራችን ላይ እያለፉ ውሻችንን ያሳበዱት፣ አባባም ጋቢያቸውን ተከናንበው «እነዚህን ልጆች ማን አሳዷቸው ነው?» የሚሏቸው ሯጮች ትዝ ይሉኛል። በሱሉልታ ሜዳ በነጻ፣ ያውም የጠዋት እንቅልፋችንን አስከፍለውን የምናያቸውን ሰዎች በዩሮ ገዝቶ ማየት ምን እንደሚያናድድ ለአባባ አስረጂልኝ። ደግሞ በመሀል ሐምሌ 22 መጣና የብሩ ምንዛሪ ለገበያ ተለቀቀ። ያንኑ ወንበር በብር ባሰላሁት ቁጥር ይወፍራል። ከዚያ ወዲያ በብር ማሰብ ትቻለሁ፤ አንቺም ተዪ።

ዕለቱ ሐምሌ 26፣ ዓርብ ነበር። ብርጭቆዎቼን ለባልደረባዬ አስረክቤ፣ ትኬት ሳልይዝ በባቡር ወደ ሳን ደኒ ሄድኩ። ስሌቴ ቀላል ነው፤ ውድድሩ ሊጀመር ሲል ሰው ይታመማል፣ ከፍቅረኛው ይጣላል፣ ወይ ባቡር ያመልጠዋል፤ ወንበሩ ይመለሳል። እማዬ፣ የሰው ክፉ እየጠበቅሁ በር ላይ ቆሜ እንደነበር ለንስሐ አባቴ ንገሪልኝ። ስልኩ ላይ አንድ ወንበር ብቅ ይላል፤ ጣቴ ሳይደርስ የለም። ደግሞ ብቅ ይላል፤ የለም። ዓለም በሙሉ ጣቱን ስሎ መጥቷል።

እንዲህ ሆኜ ሳለሁ ከጀርባዬ በጥሩ አማርኛ ጠብ ሰማሁ። «አንቺ ካልመጣሽ ወንበሩ ላይ ማን ይቀመጥ? … እሺ! እሺ ብያለሁ! ከእናትሽ ጋር ቁጭ በይ!» ዞር ስል አንድ ወፍራም ሰውዬ፣ አረንጓዴ ቢጫ ቀይ ሻርፕ ጠምጥሞ ስልኩን ኪሱ ይከታል። በሕይወቴ የሰው ትዳር መታወክ እንዲህ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

«ጤና ይስጥልኝ ወንድሜ፤ ስለዚያች ወንበር…» አልኩት።

«ሀበሻ! ከየት ነህ?»

«ከሱሉልታ።»

«ሱሉልታ! አካም ጅርታ!» ብሎ አቀፈኝ። «እኔ የቡራዩ ልጅ ነኝ፣ የገፈርሳ። የናንተ አገር ብርድ አሁንም ሰው ይገድላል?»

«የእናንተን ጭቃ ያመለጠውን ይገድላል» አልኩት። ተሳሳቅን። ከዚያ ለማሳመር ብዬ «አሁንማ አንድ ከተማ ሆነናል እኮ» አልኩ።

«ማን?»

«ቡራዩም፣ ሰበታም፣ ሱሉልታም። ሸገር ከተማ ተብለናል፣ ከ2015 ጀምሮ።»

ፊቱ ተለዋወጠ። «እኔ ሳልሰማ? አባቴ በየሳምንቱ ይደውላል፤ ላም ወለደች ይለኛል፣ ከተማው ተቀየረ አይለኝም?» ብሎ አባቱ ጋ ሊደውል ስልኩን ሲያወጣ ክንዱን ያዝኩት። ውድድሩ ሊጀመር የቀረው አንድ ሰዓት እንኳ አይሞላም።

«ወንበሯ ስንት ናት?»

«በገዛሁባት።»

ልጅ አሳድጋችኋልና «ለድካምህ ትንሽ ልጨምር» አልኩት። ሰውዬው አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄደ። ግራ ቀኙን አይቶ፣ ፈረሶቻቸው ላይ የተቀመጡትን ፖሊሶች አይቶ፣ በሹክሹክታ «ማነው የላከህ?» አለኝ። «15,000 ዩሮ ልታስበላኝ ነው? የአባቴ ግቢ ከነበረቱ ይህን አያወጣም!»

«እንግዲያው በገዛህባት።»

«ለአገሬ ልጅማ ቀንሼ ነው የምሰጠው።»

«አይሆንም! ቅናሽ አልቀበልም።»

«በሞቴ!»

«እኔ ልሙት!»

በዓለም ላይ ሻጭ ልቀንስ፣ ገዢ ልጨምር ብለው ሲጣሉ የታየው እዚያ በር ላይ ብቻ ይመስለኛል። አንድ ጃፓናዊ ቆሞ ቀረጸን። በመጨረሻ የቡራዩው ሰው እጁን አነሳ። «በሕግ ነው የምንሄደው። እኔ መሸጫው ላይ አወጣዋለሁ፣ አንተ ከዚያ ላይ ታነሳዋለህ። ማንም ማንንም አይከስም።» ተስማማን። ትከሻ ለትከሻ ገጥመን ቆምን፤ የእሱ ስልክ በግራ፣ የእኔ በቀኝ። አማተበ፤ እኔም አማተብኩ። ነካው። ጠበቅን። አሁንም ጠበቅን።

«ወጣ! በለው!» ሲል ነካሁት። የለም።

«ገዛህ?»

«አልገዛሁም።»

«እንዴት አልገዛህም? ተሸጧል እኮ ይላል!» ሁለታችንም ቀና ብለን በዙሪያችን ያለውን ሕዝብ በጥርጣሬ አየን። ከእሱ ስልክ እስከ እኔ ስልክ አንድ ክንድ አይሞላም፤ በዚያች ክንድ መሀል ሌባ አለፈ። ሕጋዊ ሌባ፣ የተገዛበትን ዋጋ የከፈለ።

ይሄኔ ከኋላችን ሳቅ ፈነዳ። ነጠላዋን ትከሻዋ ላይ ጣል ያደረገች ጠና ያለች ሴት ግድግዳ ይዛ እንባዋን ትጠርጋለች። «አካም ጅርታ ስትሉ ጀምሬ እየሰማኋችሁ ነው» አለች። «ልንገርህ ብዬ ነበር፤ ግን ቲያትር አይቋረጥም።» የሰበታ ሰው ናት፤ ከሜታ ቢራ ፋብሪካው ማዶ ነው ያደግሁት አለችኝ። ባሏ የሌሊት ፈረቃ ተጠርቶ የእሱ ወንበር ተርፏታል። «ስልክህን አምጣ» አለች፤ ሁለት ሦስት ቦታ ነካካች፤ ትኬቱ እኔ ስልክ ውስጥ ገባ። በስጦታ! ለካ ለሌላ ሰው ማስተላለፊያ የሚባል ነገር አለው።

የቡራዩው ሰው አፉን ከፍቶ ቀረ። «እንዲህም ይላካል እንዴ?»

«ከመጀመሪያው ጀምሮ» አለችው።

ገንዘቡን ልስጥ ብዬ ብለፋ «ከሰበታ ሰው ትኬት አይገዛም» ብላ አስቀየመችኝ። እታለም፣ አንቺ ስለ ሰበታ ሰው ቆጣቢነት የምትናገሪውን ከዛሬ ጀምሮ በአደባባይ እንድትሽሪው ይሁን።

ሩጫውን እናንተም ከምሽቱ 4 ሰዓት ከ20 ላይ አይታችሁታል፤ መብራት ካልጠፋ። እዚህ 3 ከ20 ነበር። ልጆቻችን እየተቀባበሉ ከፊት ሆነው ሲያከሩት ስታዲየሙ ወለሉ ይንቀጠቀጣል። ቀነኒሳ ከቤጂንግ 2008 ጀምሮ የያዘውን 27:01.17 የኦሎምፒክ ክብረ ወሰን በዚያች ምሽት አሥራ ሦስት ሰዎች አሻሻሉት። በመጨረሻው ዙር በሪሁ ከኋላ ተነስቶ ሲመጣ ቆሜ ወደ ጎኔ ዞርኩና «አባባ፣ አዩት? አዩት?» ብዬ ጮህኩ። ከጎኔ ያለው ሽበታም ፈረንሳዊ «ዊ፣ ዊ» አለኝ፤ በትሕትና። ተቀመጥኩ። የሰበታዋ ሴት ሰምታኛለች መሰል ምንም ሳትል ቆሎ እጄ ላይ ዘገነችልኝ። ዓርብ ቢሆንም ቆሎ የጾም ነውና በላሁ። ሽምብራ ይበዛበታል፤ የሰበታ ቆሎ ነው።

የኡጋንዳው ጆሹዋ ቼፕቴጌ በ26:43.14 ቀደመ፣ በሪሁ በ26:43.44 ብር ወሰደ። ያን ጊዜ ስልኬ ጮኸ፤ የቡራዩው ሰው ነው፣ ከማዶ። «የሚስቴን ወንበር ማን እንደገዛው ታውቃለህ? ኡጋንዳዊ! ባንዲራውን እኔ ላይ አልብሶ እየሳመኝ ነው! ምን ላድርግ?»

«በገዛህበት ዋጋ ሳመው» አልኩት።

ነሐሴ 4 ደግሞ ማራቶኑ ነበር፤ እሱ በጎዳና ስለሆነ መንገድ ዳር ቆሞ ለሚያይ ትኬት የለውም፣ በነጻ ነው። በሱሉልታ ሕግ ማለት ነው። ከጠዋቱ 2 ሰዓት ጀምሮ ዳር ይዤ ቆምኩ። ታምራት ቶላ ተጠባባቂ እንደነበር ታውቃላችሁ፤ ሲሳይ ለማ ሲጎዳ ነው በመጨረሻው ሰዓት የገባው። ተመላሽ ወንበር ይዞ ገብቶ በ2:06:26 የኦሎምፒክ ክብረ ወሰን ሰበረ። እኔም ሌሎቹን ቆሞ ጠባቂዎች አንገቴን ቀና አድርጌ አየኋቸው፤ ወገኔ ነው። ቀነኒሳ ዘግየት ብሎ መጣ፤ በ42 ዓመቱ 39ኛ ሆኖ በ2:12:24 ጨረሰ። አባባ፣ ሱሉልታ ላይ መሮጫ የሠራ ጎረቤትዎ ስለሆነ «ጎረቤት!» ብዬ በሙሉ ድምፄ ጠራሁት። መልስ አልሰጠኝም፤ እርስዎም አጥር ሲያጥሩ ስጠራዎት አይመልሱልኝም ነበር፣ ሥራ ላይ ያለ ሰው ነው ብዬ ተውኩት።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ። ለትኬት ያስቀመጥኩት ገንዘብ አለመነካቱን ጋሼ ደርባ ከዚህ ደብዳቤ ላይ እንዳሰላው አውቃለሁ፤ እስካሁን በምንዛሪም አባዝቶታል። ገንዘቡን ለኩሽናው ቆርቆሮ ልኬዋለሁ፣ በአባባ ስም። ለቆርቆሮ ነው። ለሌላ ነገር ከዋለ፣ በተለይ ለመጪው ታላቁ ሩጫ ቲሸርት ገዝቶ ለማትረፍ ከዋለ፣ እታለም፣ 15,000ውን እኔው ራሴ ነኝ የማስከፍልሽ።

እማዬ፣ የቡራዩው ሰው ለጾም መፍቻ ጠርቶኛል፤ ሚስቱ ታርቃዋለች፣ እናቷም አሉ። በርበሬ በሰው ላኪልኝ፤ ባዶ እጄን አልሄድም። በጋሼ ደርባ በኩል ግን አትላኪ፣ ምክንያቱን እሱ ያውቃል።

ወንድምሽ፣ የብርጭቆ ክፍል ኃላፊ